በ«ይ» እና በ«ኩን» መካከል

የፋቂ ልጅ ነኝ፤ ቤታችን ከደብረ ወርቅ ቁልቁል።
ወርቁ ተራራው ላይ ነው፣ እኛ ሰሙ ነን፣ ከሥር የምንቀልጥ፣
ዘመድ እንኳ ሲመጣ አፍንጫውን በነጠላ ሸፍኖ
«እንደምን ዋላችሁ» የሚለን ከሩቅ ሆኖ።

አባቴ እንዳላማው፣ ምላጩ እጁ ላይ ያረጀ፣
አርባ ቅጠል ብራና ለመሪጌታ አእምሮ አበጀ።
መሪጌታም በወስፌ ወጋ፣ ዳር እስከ ዳር አሰመረ፣
ጥቀርሻ በጠበጠ፣ መቃውን ቀርጾ ሞከረ፤
ከዚያ አስቀመጠው።
አሥራ አንድ ክረምት አለፈ፤
አንዲት ፊደል ሳያሳርፍ እሱ ራሱ አረፈ።

ብራናው ተመለሰልን። «ባዶ ነው» አሉ ካህናቱ፣
«ፍቀህ ለሌላ ሽጠው።»
ያልተጻፈ ነገር በምን ይፋቃል?
አባቴ ሣቀ። ቆጥ ላይ ሰቀለው።

እኔ ግን ሰምቼ ነበር። ቆዳ ላደርስ ሄጄ፣ ልጅ ሆኜ፣
«መች ይጻፋል?» ብለው፣ ከደጁ ድንጋይ ተጠግቼ፣ ኮስምኜ፣
«ተጽፎ አልቋል» አለኝ። «ስሚ፣ የእንዳላማው ልጅ፤
ፈጣሪ ‹ይኩን› ሲል ቃሉ አንድ ነው፣ ትንፋሽ አለው እንጂ።
ከ‹ይ› እስከ ‹ኩን› ድረስ አንዲት ቀጭን ጎዳና አለች፤
እዚያ መንገድ ላይ ስንቱ ዓለም፣ ስንቷ ፀሐይ ቀረች።
ይህ የነሱ መጽሐፍ ነው። ቀለም ቢነካቸው ይሆናሉ፤
ከሆኑ ደግሞ እንደኛ ይሞታሉ።
ስለዚህ አልጽፍም። አስምሬ እጠብቃቸዋለሁ።»
አበደ አልሁ።

ዛሬ ሌሊት ሌሊት አወርደዋለሁ፣
ኩራዙን አጥፍቼ መስመሩን በጣቴ አነበዋለሁ።

አንደኛው ቅጠል፦ ዓባይ ሽቅብ የሚወጣበት ዓለም፣
ጮቄ ጎንበስ ብሎ የሚጠጣው፤ ድልድይ የሚባል ነገር የለም።
ሦስተኛው፦ ገበያ ነው፣ ሰው የሌለውን ይዞ የሚወጣበት፤
አንዱ ያልጣለ ዝናም በቁና ሰፍሮ፣
አንዷ ያላገባችውን ባል በአገልግል ቋጥራ፤
ዋጋው ውድ ነው፣ ይከራከራሉ እስኪመሽ።
ዘጠነኛው ላይ ጅብ ይጾማል። ሌላው አልገባኝም።
አሥራ አራተኛው እኛን ይመስላል፣ ቁርጥ እኛን፤
ብቻ ፋቂና ቀዳሽ ባንድ ገበታ ሲቆርሱ አየሁና
ቶሎ ገለጥሁት፣ እንዳያጓጓኝ።

ሃያ ሁለተኛው ላይ ቀዳዳ አለ።
የፍየሏ ቁስል አይደለም፤ የአባቴ ምላጭ ስቶ ነው፣
እናቴ ከጓዳ የጮኸች ዕለት።
ሰባት ወሩ ነበር። ስሙን ቀድመው አውጥተውለት፦
ይሁን።
(መሪጌታ፣ ግእዙ ላንተ፤ አማርኛው ለኛ።)
ወንድሜ ከ«ይ» ተነሣ፣ «ሁን» ሳይደርስ መሸበት።
አባቴ ቀዳዳውን በጅማት ሊሰፋው ጀመረ፣
ሁለት ወግቶ ተወው፤ እንደዚያው ቀረ።

ትናንት መቃ ቀረጽሁ፣ ጥቀርሻ ከድስት ሥር ፈቅፍቄ።
ሦስት ፊደል ናት።
ግን ቀዳዳ ላይ ቀለም አያርፍም፤ ያልፋል፣
ጉልበቴ ላይ ተንጠባጥቦ ቀሚሴን ያጠቁራል።
«ይሁን» አልሁ።
ልጠራው ይሁን ልተወው፣ እኔም አልለየሁ።

ሲነጋ ብራናውን አንሥቼ በቀዳዳው አየሁ፦
ቅዳሜ ነው። ባጃጅ ጭቃ ይዟት ሦስት ጎረምሳ ይገፋታል፣
የአስሜ አህያ ጭነቷን አራግፋ አመድ ላይ ትንከባለላለች፣
አንዲት ሴት ጥላዋን ዘርግታ ፀሐይ የለም ዝናም የለም፣ ትሄዳለች።
ለካ ይህም ለጥቂት ነው የተረፈው፣
በአንድ ትንፋሽ።

አባቴ ከጓሮ ይጣራል፤
«ቆዳው ደረቀብኝ፣ የት ሄድሽ?» ይላል።